የጊዜው ግንብ ቁልፍ በማን እጅ ነው?

ለዚህች መጽሔታችን በቅርቡ ከቀረቡት አጫጭር ልቦለዶች መካከል አራቱ ግንብ አላቸው። ግንቦቹ ሁሉ ረጃጅም ናቸው፤ ሁሉም ብዙ በር አላቸው፤ በየበሩም አንድ አንድ ወር ተቆልፎበታል። ወሩ እንዲገባ አንድ ጠንቋይ ሽማግሌ ቁልፉን ማዞር አለበት። ካላዞረ ክረምቱ አይወጣም፤ ፀሐይ በቆመችበት ትቀራለች፤ የተወለደው አያድግም፤ የታመመው አይድንም፣ አይሞትምም። በአንደኛው ድርሰት ዓመቱ አሥራ ሰባት ወር ነው። በሌላው ደግሞ ወሮቹ ስም የላቸውም፤ በደረጃው ቁጥር ይጠራሉ። ከአራቱ አንዱን የጻፍነው፣ ማንም ሳያጋልጠን እንናዘዝና፣ እኛው ራሳችን ነን።

ስለዚህ ይህን የምንለው ዳር ቆመን ለመፍረድ አይደለም። በዚያው ግንብ ደረጃ ላይ ተሰናክለን ከወደቅን በኋላ ነው። «አገሩ በዚህ ሁኔታ ላይ እያለ ስለ ጠንቋይና ስለ ግንብ መጻፍ ምን ይባላል?» የሚሉን ጓደኞች አሉ። ከነሱም ጋር አንስማማም። ያልነበረ ዘመን፣ ያልነበረ አገር መፍጠር የደራሲ መብት ነው፤ ይህን መብት የሚነካ ቢመጣ መጀመሪያ የምንጮኸው እኛ ነን። ክሳችን ሌላ ነው። ክሳችን ግንቦቹ ባዶ ናቸው የሚል ነው። ኧረ ለመሆኑ ማን ሠራቸው? ድንጋዩን ማን ተሸከመው? ሽማግሌው ቁልፉን ከማን ተረከበ? ለስንት ዓመት ይዞት ይቆያል? ቢያረጅ፣ ቢሰክር፣ ወይም እንዲያው አንድ ቀን ቢከፋውና «ዘንድሮ መስከረምን አላስገባም» ቢል ማን «ተው» ይለዋል? አራቱም ድርሰቶች ጸጥ ናቸው። አስማቱ አለ፤ አስማቱ የሚሠራለትና የሚሠራበት ሰው ግን የለም።

መጀመሪያ ነገሩ ከየት እንደ ተቀዳ እንነጋገር። ከፊልምና በስልክ ከምናነባቸው የፈረንጅ ልቦለዶች ነው፤ አንሸፋፍነው። መቅዳትም ነውር አይደለም፤ ነውሩ ሳይመረምሩ መቅዳት ነው። እንግሊዛዊው ቶልኪን በ1955 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የድርሰቱ የመጨረሻ ክፍል ላይ ሆቢት ለሚላቸው ትንንሽ ፍጡሮች የዘመን አቆጣጠር ሠርቶላቸዋል። ምን ዓይነት ነው? አሥራ ሁለት ወር፣ እያንዳንዱ ሠላሳ ቀን፤ ከወሮቹ ውጭ የሚቆሙ አምስት ቀኖች፤ በየጊዜው የምትጨመር አንዲት ስድስተኛ ቀን። እንዴ! ይህማ ጳጉሜን ማለት አይደለም? ልዩነቱ ሆቢቶቹ አምስቱን ቀን ከፍለው ገሚሱን በዓመቱ መካከል፣ ገሚሱን በዓመቱ መለወጫ ላይ ማድረጋቸው ብቻ ነው። ከኛ መካከል አንዱ ይህን አንብቦ «እንዴት ያለ ምናብ ነው!» እያለ ሳምንት ሙሉ ሲያወራልን ከረመ። እኛም አብረን አደነቅን። ከተወለድን ጀምሮ የኖርንበት ዘመን መሆኑ ለማንም ትዝ አላለውም። እርግጥ የኛም ብቻ ፈጠራ አይደለም፤ ከጥንት ግብፅ የወረደ ነው፤ የግብፅ ክርስቲያኖችም እስከ ዛሬ በዚሁ ይቆጥራሉ። ቢሆንም ጳጉሜን ደመወዝ የሌለባት ወር መሆኗን ደመወዝተኛ እናቶቻችንን ጠይቁ፤ የትኛውም ጠንቋይ ከሚያውቃት በላይ ያውቋታል።

በርና መስኮት ያለው ዘመን ካማራችሁ ግን ከዚያም የሚበልጥ አለ። መጽሐፈ ሄኖክን ክፈቱ። ከ72ኛው ምዕራፍ ጀምሮ ያለው ክፍል ሰማይን እንደ ቤት አድርጎ ያሳያል። በምሥራቅ ስድስት በሮች፣ በምዕራብ ስድስት በሮች፤ በበሮቹ ቀኝና ግራ ደግሞ ብዙ መስኮቶች። ፀሐይ በምሥራቁ በር ትወጣለች፣ በምዕራቡ በር ትገባለች። ዓመቱ ሲጀምር በአራተኛው በር ሠላሳ ቀን ትወጣለች፤ ከዚያ ወደ አምስተኛውና ወደ ስድስተኛው ትሄዳለች፤ እንደገናም በመጣችበት ትመለሳለች። ጨረቃም በነዚያው በሮች ትመላለሳለች። መልአኩ ዑርኤል አዲስ ቤት እንደሚያስጎበኝ ሰው እየዞረ ለሄኖክ ያሳየዋል። ዓመቱ 364 ቀን ነው፤ ለሰባት ሲካፈል ያለ ትርፍ 52 ሳምንት ይወጣዋል። ይህ መጽሐፍ ከጫፍ እስከ ጫፍ ሙሉ ሆኖ የተገኘው በግእዝ ብቻ ነው። በአራማይክ የተጻፉት ቁርጥራጮች ከቁምራን ዋሻ የወጡት በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. ነው፤ አውሮፓም ሙሉውን ያየው ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ በ18ኛው መቶ ዓመት ቅጂዎቹን ከኢትዮጵያ ከወሰደ በኋላ ነው። ይህን ሁሉ ትተን ነው እንግዲህ ባለ አሥራ ሰባት በር ግንብ ከሆሊውድ የምንለምነው።

ግን ቆይ። «ይኸው፣ እኛም አለን!» ብሎ ማጨብጨብ ቀላል ነው፤ ዛሬ የምንጣላው ከዚህም ጋር ስለሆነ ጥቂት እንቆይበት። ሄኖክ ቀኑንና ሌሊቱን በአንድነት 18 ክፍል ያደርጋቸዋል። ቀኑ በጣም ሲረዝም 12 ክፍል፣ ሌሊቱ 6 ክፍል ይሆናል፤ ወደ ሰዓት ሲመለስ 16 ሰዓት ብርሃንና 8 ሰዓት ጨለማ ማለት ነው። በየትኛው አገር? በነቀምቴ ረጅሙ የሰኔ ቀን ከአጭሩ የታኅሣሥ ቀን የሚበልጠው በአንድ ሰዓት ገደማ ነው። ሒሳቡ የተሠራው ለሌላ ሰማይ ነው፤ ምሁራን ከጥንቷ ባቢሎን ጋር ያዛምዱታል። 364ቱም ቀን ከእውነተኛው የፀሐይ ዓመት በአንድ ቀን ከሩብ ያህል ይጎድላል፤ በሠላሳ ዓመት ውስጥ ከአንድ ወር በላይ ይንሸራተታል። ገበሬ በዚህ ብቻ ቢመራ የዘሩ ወቅት ጥሎት ይሄዳል።

የኛ ሊቃውንት ታዲያ ምን አደረጉ? መጽሐፉን ቅዱስ ብለው ያዙት፣ ገለበጡት፣ በሮቹንም በዘመን ቆጠራ ጽሑፎቻቸው ውስጥ አስገቧቸው። ጾሙንና በዓሉን ግን በ365 ቀን ከሩብ ቆጠሩት፤ በየአራት ዓመቱ በዘመነ ሉቃስ ጳጉሜን ስድስት ቀን ትሆናለች። ከነዚሁ ጽሑፎች ጋር ሰዓት የሚያሳዩ የጥላ ሠንጠረዦችም አሉ፤ ጥላው የሚለካው በሰው እግር ነው። አንድ ሰው ሜዳ ላይ ይቆማል፣ የራሱን ጥላ በራሱ እግር ይለካል፣ ሰዓቱን ያውቃል። ምንም ግንብ የለም። የሰማዩን ቤት ከነመስኮቱ ያመነ፣ መሬት ላይ ሲወርድ ግን በእግሩ የሚለካ አንድ መሪጌታ፣ ሁለቱን በአንድ ራስ ይዞ ሲያድር አስቡት እስቲ! ከኛ ጠንቋይ በስንት እጅ ይበልጣል። ስለሱ የጻፈ ግን በመካከላችን የለም።

ከኛው መካከል ደግሞ «የፈረንጅ ግንብ አያስፈልገንም፤ የኩሽ አባቶቻችን ከክርስቶስ ልደት በፊት በድንጋይ ምሰሶ የሠሩት የከዋክብት ቤት አለን» የሚሉ ተነሥተዋል። የሚጠቅሱት በኬንያ በቱርካና ሐይቅ አጠገብ ያለውን ናሞራቱንጋን ነው። ሊንችና ሮቢንስ የተባሉ ተመራማሪዎች በ1978 እ.ኤ.አ. ሳይንስ በተባለው መጽሔት ላይ፣ እዚያ የቆሙት 19 የባዛልት ምሰሶዎች የቦረና ዘመን ቆጣሪዎች ወደሚመለከቷቸው ሰባት ከዋክብት ያመለክታሉ፣ ዕድሜያቸውም ወደ 300 ዓመት ቅድመ ክርስቶስ ይደርሳል ብለው ጻፉ። ወሬው ደስ ይላል። ግን በ1982 እ.ኤ.አ. ሮበርት ሶፐር ውጤቱን አሳተመ፤ እንደገና ሲለካቸው ምሰሶዎቹ ራሳቸው ጥቂት የማግኔት ጠባይ ስላላቸው የመጀመሪያው ልኬት መታረም ነበረበት። እኛም በወረቀት አስልተነዋል፤ ከ19 ምሰሶዎች ሁለት ሁለቱን ብናገናኝ 171 መስመር ይወጣል። ከ171 መስመር አንዱ ኮከብ ሳይመታ ቢቀር ነበር ተአምሩ! ከዚያ ወዲህ በሐይቁ ዙሪያ በተደረጉት ቁፋሮዎች እንዲህ ያሉት የምሰሶ ቦታዎች ከ5000 እስከ 4000 ዓመት በፊት የነበሩ የመጀመሪያዎቹ ከብት አርቢዎች ሥራ መሆናቸው ታውቋል። በደንብ የተጠናው ሎታጋም ሰሜን ታላቅ የመቃብር ቦታ ነው። ሙታኑን በአንድ ቦታ ያሳረፈ የከብት አርቢ ሕዝብ ታሪክ ከኮከብ ቆጠራ ያንሳል ያለው ማነው?

እዚሁ ላይ የአንድ ጓደኛችንን ነገር ሳናነሣ አናልፍም። የቦረናን 27 የቀን ስሞች አንብቦ ሲያበቃ እዚሁ ከተማችን ወዳለው የኩምሳ ሞሮዳ ቤተ መንግሥት ሄደና የአንዱን ቤት ምሰሶዎች ቆጠረ። 27 አልሆኑለትም። የበረንዳውን ጨመረ፤ በለጡ። ያረጁትን ተወ፤ ጎደሉ። በመጨረሻ የበሩን ሁለት መቃኖች ቆጥሮ 27 አደረሳቸውና እየሮጠ መጣ። ሳቅንበት። ኋላ ግን እኛም የዘረዘርናቸው ነገሮች ሁሉ እንዲሁ በመቃን የተሞሉ እንዳይሆኑ ፈራን።

የሚያሳዝነው ጓደኛችን የሚፈልገው ነገር ምሰሶ አለማስፈለጉ ነው። አስመሮም ለገሠ በ1973 እ.ኤ.አ. ስለ ገዳ ባሳተመው መጽሐፍ ገልጾታል። የቦረና ዓመት 12 የጨረቃ ወር፣ 354 ቀን ነው። ሳምንት የለውም። ወሩ 29 ወይም 30 ቀን፣ የቀኑ ስሞች ግን 27 ስለሆኑ፣ ወር በገባ ቁጥር መነሻው ስም ሁለት ወይም ሦስት ይገፋል። ለዓመቱ እኩሌታ አዲሷ ጨረቃ ከየትኛው ኮከብ ጋር እንደ ታየች ይጠበቃል፤ ለቀረው እኩሌታ ደግሞ ከአንድ ምልክት ጋር ስትገናኝ ምን ያህል እንደ ሞላች ወይም እንደ ጎደለች ይታያል። አያንቱ የሚባሉት ዐዋቂዎች ይህን ሁሉ በቃላቸው ይዘው በዓይናቸው ያያሉ። አስማት ካስፈለገም አስማቱ እዚህ አለ፤ እያንዳንዱ ቀን የራሱ አያና፣ የራሱ ባሕርይ አለው። በኦሮምኛ አያና መንፈስም ነው፣ ዕድልም ነው፣ በዓልም ነው። ጂኣ ጨረቃም ወርም ነው፤ በግእዝም ወርኅ እንዲሁ ጨረቃም ወርም ነው።

አንድ ነገር ግን እንጨምር። የቦረና ሰማይ ደረቅና ግልጥ ነው። የወለጋ ክረምት ሰማዩን እንዴት አድርጎ እንደሚሸፍነው ዶርም ውስጥ ልብስ ለማድረቅ የታገለ ሁሉ ያውቃል። የቦረናን ቆጠራ ቃል በቃል አምጥቶ «የነቀምቴ ጥንታዊ ካሌንደር» ማለት ሌላ ቅጂ ነው። እዚህስ በምን ይታወቅ ነበር? ከኛ አንዱ ለዕረፍት ከጊምቢ አለፍ ብሎ ወዳለው ቀበሌያቸው ሲሄድ አያቱን «አኮ፣ ቢራ መግባቱን በምን ታውቁ ነበር?» ብሎ ጠየቃቸው። ሳቁበት። «ወንዙ ሲጠራ፣ ኬሎ ሲያብብ፣ ማዶ ያለችው እኅቴ ተሻግራ ስትመጣ» አሉት። ክረምቱን ሙሉ ደፍርሶ ዘመድን ከዘመድ የለየ ወንዝ፣ ሲጠራ ዓመቱ ይለወጣል። ልጁ ይህን ሰምቶ ተመለሰና ባለ አሥራ ሰባት ወር ግንቡን ጻፈ! አያቱ ዘንድሮም አሉ። ዕድሜያቸው ግን የኛን ምረቃ የሚጠብቅ አይደለም፤ እንዲህ ያሉት ሰዎች ደግሞ በአውቶቡስ የግማሽ ቀን መንገድ ላይ ናቸው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። ጊዜን ከቤት ጋር ያሰረው የዚህ አገር ትልቁ ሐሳብ ግንብ አይደለም፤ ዛፍ ነው። ኦዳ። በሆሮ ጉዱሩ ያለውን ኦዳ ቡሉቅን፣ በምዕራብ ሸዋ ያለውን ኦዳ ቢሲልን ውሰዱ። ጣሪያው ቅጠል፣ ግድግዳው የተሰበሰበው ሰው ነው። ከሥሩ የሚቀመጠው ገዳ ስምንት ዓመት ይቆያል፤ ስምንቱ ሲሞላ ይነሣል፤ ቦታው የተከታዩ ነው። አምስት ገዳ በየተራው ስምንት ስምንት ዓመት፣ ዙሩ አርባ ዓመት። ስለዚህ እዚያ «ዘመኑ ስንት ነው?» ብሎ መጠየቅና «ተራው የማን ነው?» ብሎ መጠየቅ አንድ ነው። ቁልፍ ያዡ ሽማግሌ አለ፤ ግን ቁልፉን የሚያስረክብበት ቀን ቁልፉን ከመያዙ በፊት ይታወቃል። (ገዳን ገነት አናደርገውም። ሴቶች በዚያ ጥላ ሥር ሥልጣን አልያዙም፤ ሲንቄያቸውን ይዘው ነበር የሚከራከሩት። በመካከላችን ያሉት ሴት ጸሐፊዎች ይህ ሳይገባ ጽሑፉ እንዳይወጣ አስጠንቅቀውናል፤ ልክም ናቸው።)

ከዚያስ? በ19ኛው መቶ ዓመት በሜጫ ምድር ተራው ሲደርስ አልነሣ ያሉ የጦር አለቆች በረቱ። በሌቃ ነቀምቴ በከሬ ጎዳና፣ ከበከሬ ልጁ ሞሮዳ፣ ከሞሮዳ ልጁ ኩምሳ። ሥልጣን ከስምንት ዓመት ወደ ዕድሜ ልክ፣ ከተራ ወደ ውርስ ተሻገረ። ጓደኛችን ምሰሶ የቆጠረበት ግቢ የዚህ ለውጥ ቤት ነው። ግቢው ያምራል፤ እንዲጠበቅም እንፈልጋለን፤ የሠሪዎቹንም እጅ እናደንቃለን። ግን ጊዜ በውስጡ ተቀምጧል ከተባለ የተቀመጠው 27 ቀን አይደለም። ስምንተኛው ዓመት ነው እዚያ ገብቶ ያልወጣው። ክረምቱ ወጣ፣ ወንዙ ጠራ፣ ኬሎውም አበበ፤ ተራው ብቻ ቀረ። ቁልፉ ያልዞረበት ግንብ ልቦለድ የምንጽፍ ሰዎች ይህ ሁሉ በእግር በሚደረስበት ቦታ ተቀምጦ ሳለ አላየነውም።

«ካሌንደር ምን ፖለቲካ አለው?» ለሚሉን ፈረንሳዮችን እናስታውሳቸው። በ1793 እ.ኤ.አ. አብዮተኞቹ ዘመኑን ከንጉሡና ከካህኑ እጅ እናውጣ ብለው አዲስ አቆጣጠር አወጡ። አሥራ ሁለት ወር፣ ሠላሳ ሠላሳ ቀን፣ መጨረሻ ላይ አምስት ወይም ስድስት ቀን (ጳጉሜን እንደገና!)፣ ሳምንቱ ግን አሥር ቀን። ወሮቹን በጭጋግ፣ በበረዶና በአበባ ስም ሰየሟቸው፤ ግጥም ይመስላል። ሠራተኛው ግን ጣቱን ቆጠረ። ድሮ ከሰባት ቀን አንዱን ያርፍ ነበር፤ አሁን ከአሥር አንዱን። ናፖሊዮን ከ1806 እ.ኤ.አ. መግቢያ ጀምሮ ሻረው። እንግዲህ እናንተ አሥራ ሰባት ወር የፈጠራችሁ፣ በአገራችሁ ሠራተኛው መቼ ያርፋል? የቤት ኪራይ በዓመት ስንት ጊዜ ይከፈላል? ገበያው በስንተኛው ቀን ይቆማል?

«ይህማ የኅብረተሰብ ጥናት እንጂ ድርሰት አይደለም፤ ምናብን በኪራይ ደብተር ልታንቁት ነው» ይሉናል። አይደለም። ወደ ሄኖክ እንመለስ። የዚያን ያህል ያሸበረቀ ምናብ ከየት ይመጣል? ቢሆንም በ82ኛው ምዕራፍ የአራቱን ወቅቶች አለቆች አንድ በአንድ ይጠራቸዋል፤ ከሥራቸው ያሉትንም እንዲሁ። የሥልጣናቸውንም ልክ ይነግረናል፤ ዘጠና አንድ ቀን። ዘጠና አንዱ ሲያልቅ አለቃው ለሌላው ይለቃል፤ አራት ጊዜ ዘጠና አንድ 364። በሰማይ ቤት ያለ አለቃ እንኳ የጊዜው ገደብ ተጽፎበታል። የኛ ጠንቋይ ብቻ ነው ያለ ገደብ የተሾመው፤ የሾምነውም እኛ ነን።

ለሚቀጥለው እትም የሚቀርቡ ግንቦችን አንመልስም። ግንብ ጻፉ፤ ዛፍም፣ ዋሻም፣ የሰማይ መስኮትም ጻፉ፤ በኦሮምኛም በአማርኛም ጻፉ። ቁልፉን ማን እንደያዘና እስከ መቼ እንደሚይዘው ያልታወቀበት ድርሰት ግን ጥያቄያችን በኅዳጉ ተጽፎበት ለባለቤቱ ይመለሳል። ለዕረፍት ወደየቀያችሁ የምትሄዱም ከአያት፣ ከመሪጌታ፣ ከሼህ፣ ከገበያ ነጋዴ፣ ካገኛችሁት ሰው ወቅት እንዴት እንደሚታወቅ ጠይቃችሁ አንዲት ገጽ ይዛችሁ ተመለሱ። ባትጨርሱትም እናወጣዋለን።

የኛንም ድርሰት እንደገና ጀምረነዋል። በአዲሱ ጽሑፍ ግንቡን የምትጠርግ አንዲት ሴት አለች፤ ጳጉሜን አይከፈላትም። ሽማግሌውን ስንት ዓመቱ እንደሆነ ጠይቃዋለች፤ መልሱን ገና እየተከራከርንበት ነው። እስካሁን ሁለት ገጽ ደርሰናል።